የበግ ጎድን በወይራ ጢስ

በወሎ፣ በመካነ ሰላምና በዙሪያዋ ባለው ደጋ፣ ከለጋምቦ እስከ ቦረና፣ ከከላላ እስከ ሳይንት፣ በግ ሲታረድ እያንዳንዱ ብልት ቦታውን ያውቃል። ጉበትና ጨጓራው ለዱለት፣ ጭኑ ለጥብስ፣ ወርቹ ለወጥ ይሄዳል። ጎድኑ ግን በመጥረቢያ ተከትክቶ ወይ ቅቅል ውስጥ ይገባል፣ ወይ የሚንቦገቦግ እሳት ላይ ይጣላል። እሳት ላይ የተጣለው ጎድን ውጪው ያርራል፣ ስቡ ፍም ላይ ተንጠባጥቦ ይነዳል፣ ሥጋው አጥንቱን አልለቅ ይላል። ይህ በጣም ያሳዝነኛል። ከበጉ ሁሉ ጣዕም የሞላበት ብልት ጎድኑ ነውና። ሥጋው ስስ ነው፣ ስቡ በየሥጋው መሐል የገባ ነው፣ አጥንቱም ቅርብ ነው።

ጎድን የሚፈልገው ጥቂት እሳት፣ ጥቂት ጢስና ብዙ ሰዓት ነው። በአሜሪካ ይህ ራሱን የቻለ ትልቅ ሙያ ሆኗል፤ እኛም ዘንድ ምግብ ቤት ለከፈተ፣ ሥጋ ቤት ለሚያስተዳድር፣ ወይም በዓመት በዓል ቤተሰቡን ደህና አድርጎ ማብላት ለሚፈልግ ሰው እንጀራ ሊሆን የሚችል ነገር ነው። ሙያውን ደግሞ ከባዶ አንጀምረውም። ጋን የሚያጥን እጅ ግማሹን ያውቀዋል።

ጠላ ጠማቂዋን ልብ ብላችሁ ተመልከቷት። ጋኑን በግራዋ ቅጠል አሽታ ካጠበች በኋላ የደረቀ የወይራ ስንጥር ፍም ላይ ታደርጋለች፣ ጋኑን ትደፋበታለች። እሳቱ ነበልባል ካወጣ ቶሎ ታፍነዋለች፤ የምትፈልገው ጢሱን ብቻ ነው። እርጥብ እንጨት አትነካም፣ ጠላውን እንደሚያመርረው ታውቃለች። ጋኑን ከውጭ በመዳፏ ትዳስሰዋለች፤ ለብ ሲል ይበቃዋል ብላ ታነሳዋለች። የወተት ዕቃ የምታጥን እናትም የምታደርገው ይህንኑ ነው። የደረቀ ወይራ፣ ነበልባል የሌለው ፍም፣ የተከደነ ዕቃ፣ ሙቀቱን የሚያውቅ መዳፍ፦ ጎድን በጢስ ለማብሰል ከዚህ የሚጨመረው የሥጋው አያያዝና ትዕግሥቱ ነው።

ከሥጋው እንጀምር። የሚመረጠው ሙክት ነው፤ ስቡ ሳይበዛበት ደህና የደለበ። ሙክት ካልተገኘ ከሁለት ዓመት ያላለፈ በግ ፈልጉ። ገበያ ላይ ጥርሱን ገልጣችሁ እዩ፤ የወተት ጥርሱ ሁሉ ያለ ከሆነ ገና ጠቦት ነው፣ ሁለት ትልልቅ የፊት ጥርስ ካበቀለ ዓመት አልፎታል ማለት ነው። ዕድሜዋ የገፋች እናት በግ ብትሆንም አይጣልም፤ ሰዓቱ ይረዝማል እንጂ ጣዕሟ ይበልጣል። የታመመ ወይም በድንገት የሞተ እንስሳ ሥጋ ግን በምንም ዋጋ አይገዛ፣ በነጻም አይወሰድ። አባ ሰንጋ የሚይዘው የሚበላውን ብቻ አይደለም፤ የሚገፈውንና የሚበልተውንም ይይዛል። ለሽያጭ የምታዘጋጁ ከሆነ በእንስሳት ሐኪም ያልታየ ሥጋ ምድጃችሁ አጠገብ አይድረስ።

በግ በእያንዳንዱ ጎን 13 የጎድን አጥንት አለው። አራጁን ወይም ሥጋ ሻጩን «እንዳትከተክተው» በሉት። ጎድኑ ከፍሪምባው ጋር እንደተያያዘ፣ አንዱ ጎን በሙሉ እንደ ዝርግ ሰሌዳ ሳይሰበር መውጣት አለበት። የፍሪምባው ስብ በረጅሙ ሰዓት እየቀለጠ ሌላውን ያረሰርሰዋል። የተከተከተ ጎድን ግን ከየአቅጣጫው ስለሚደርቅ ለዚህ ሥራ አይሆንም።

ሌላው ብዙ ሰው የማይጠብቀው ነገር፣ ሥጋው ማደር አለበት። እኛ አገር በግ ታርዶ ወዲያው ምጣድ ላይ መውጣቱ ልማድ ነው፤ ገና ሙቀቱ ሳይለቀው ለሚበላ ጥብስ ይሆናል። ከታረደ ከጥቂት ሰዓታት በኋላ ግን የሥጋው ጡንቻ ይገትራል፣ እንደተገተረ ከበሰለ ደግሞ በቀላሉ አይላላም። አንድ ሌሊት ሲያድር መልሶ መልቀቅ ይጀምራል። ለዚህ የደጋው ብርድ ጥሩ አጋዥ ነው፤ ማታ የታረደ በግ ጎድን ዝንብ በማይደርስበት፣ ነፋስ በሚገባበት ቦታ በንጹሕ ስስ ጨርቅ ተሸፍኖ ይሰቀል፣ ማቀዝቀዣ ያለው ማቀዝቀዣው ውስጥ ያሳድረው። ወደ በረሃው፣ ወደ ዓባይና ወደ በሽሎ ሸለቆ የወረደ ሰው ግን ያለ ማቀዝቀዣ አያሳድር፤ እዚያ ሙቀቱ ያበላሸዋል።

በማግስቱ ጎድኑን ገልብጡት። በውስጥ በኩል አጥንቶቹን የሸፈነ ስስ ነጭ ሽፋን አለ። ጫፉን በቢላዋ አንሡና በደረቅ ጨርቅ ይዛችሁ ሳቡት፤ ከለመዳችሁት ባንድ ጊዜ ተላጦ ይወጣል። ካልወጣ ጨውም ጢስም በዚያ በኩል አይገባም፣ ሲበላም እንደ ላስቲክ ይጎተታል። ለአንድ ኪሎ ጎድን 15 ግራም ጨው ይበቃል፤ አንድ የሾርባ ማንኪያ ያልሞላ ማለት ነው። ከሱ ጋር የተወቀጠ ነጭ ሽንኩርት፣ አንድ የሻይ ማንኪያ ኮረሪማ፣ ትንሽ ቁንዶ በርበሬና በመዳፍ የታሸ ደረቅ ጦስኝ ጨምራችሁ ሁለቱንም ፊት አሹት። ጦስኝ የደጋችን ቅጠል ነው፣ ከበግ ስብ ጋር የሚስማማውን ያህል ከሌላ ነገር ጋር አይስማማም። በርበሬና አዋዜ ግን አሁን አይነካም። በረጅም ሰዓት ሙቀት ይጠቁራል፣ ይመራል፤ ተራው መጨረሻ ላይ ነው። ጎድኑ በጨው እንደታሸ ቢያንስ ሁለት ሰዓት ይቀመጥ።

ስለ እንጨቱ ረዘም አድርጌ እናገራለሁ፣ ጣዕሙ ያለው እዚያ ነውና።

ከሰሉ ሙቀት ይሰጣል፣ እንጨቱ ጢስ ይሰጣል፤ ሁለቱን አትቀላቅሉ። ለሙቀቱ በደንብ የነደደ የግራር ከሰል ተመራጭ ነው፤ ክብደት አለው፣ ፍሙም ይቆያል። ለጢሱ ወይራ። ወይራው ቢያንስ ከአንድ በጋ በላይ የደረቀ፣ ቅርፊቱ የተላጠ፣ በቡጢ መጠን የተፈለጠ ይሁን። ሦስት ወይም አራት ቁራጭ ለአንድ ማብሰያ ይበቃል። ብዙ ጢስ ብዙ ጣዕም የሚመስለው ሰው አለ፤ የሚያገኘው ጥቀርሻ የቀባ ሥጋ ነው። ከክዳኑ ሥር የሚወጣውን ጢስ ተመልከቱ፦ ስስና ሰማያዊ ከሆነ ደግ፣ ወፍራምና ነጭ ከሆነ እንጨቱ እርጥብ ነው ወይም አየር አንሶታል፣ ቁራጩን አውጡት።

ባሕር ዛፍ በየደጃፋችን ስላለ እጅ ወደሱ ይሄዳል። አይሆንም፤ ቅባቱ ሥጋውን መድኃኒት መድኃኒት ያሰኘዋል። ጽድም ሙጫው ይመርራል፣ ጥቁር ጥላሸት ይለቃል። ቁልቋልና ቅንጭብ ወተታቸው መርዝ ነው፣ በምግብ እሳት አጠገብ እንዳይደርሱ። ከአሮጌ አልጋ፣ ከበርና ከመስኮት የተረፈ ቀለም የተቀባ እንጨትም እንዲሁ።

ወይራውን ከየት እናመጣለን ለሚል ሰው መልሱ ከጫካ አይደለም። ደንቆሮ ጫካና የቦረና ሳይንት ብሔራዊ ፓርክ ቀይ ቀበሮና ጭላዳ የሚኖሩበት ቅርሳችን ነው። የቤተ ክርስቲያን አጸድም የመስጊድ ግቢም ዛፍ አይነካም። ለጎድን የሚያስፈልገው እንጨት በጣም ትንሽ ስለሆነ የእርሻ መሣሪያ ከሚጠርቡ ሰዎች የሚተርፈው የወይራ ፍላጭ ይበቃል። ያገለገለና የተሰበረ ድግር ካገኛችሁማ ዓመታት የደረቀ፣ ጥሩ ጢስ የሚሰጥ እንጨት አገኛችሁ። ግቢው ውስጥ ወይራ ያለው ሰው ደግሞ የሚገረዘውን ቅርንጫፍ ጣራ ሥር ያድርቅ።

ለምድጃው ብየዳ ቤት ሄዳችሁ ባለ 200 ሊትር በርሜል በቁመቱ ከሁለት አስከፍሉ፤ አንዱ ግማሽ ምድጃ፣ ሌላው በማጠፊያ የተያያዘ ክዳን ይሆናል። በአንድ ጫፍ ከታች፣ በሌላው ጫፍ ከላይ ተከፍቶ የሚዘጋ የአየር ቀዳዳ ይብሱላችሁ። በርሜሉ የምግብ ዘይት የነበረበት ይሁን። ኬሚካል ወይም ፀረ ተባይ የነበረበትን በምንም አጠባ ማንጻት አይቻልም። የምግብ ዘይት በርሜልም ቢሆን መጀመሪያ ባዶውን ትልቅ እሳት አንድዱበት፣ ቀለሙ ነዶ ይለቅ። ፍርግርጉ ከተራ ፌሮ ይበየድ። ለአጥር የሚሆነው የሚያብረቀርቅ ሽቦና የጣራ ቆርቆሮ ዚንክ የተቀባ ስለሆነ ሲግል የሚያወጣው ጢስ ያሳምማል፤ ርካሽ ነው ብላችሁ አትጠቀሙበት። በርሜል ማሠራት የማይችል ሰው ሰፊ የብረት ድስት ወስዶ ባንድ ጎኑ ጥቂት ፍም፣ በላዩ ፍርግርግ፣ ከዚያ አክንባሎ ቢደፋበት ግማሽ ጎድን ያወጣል።

የትኛውም ቢሆን ከቤት ውጭ ነው የሚሠራው። በደጋ ማታ ብርዱ ስለሚጠነክር ፍሙን ይዞ ወደ ቤት መግባት ያምራል። የከሰል ፍም የሚለቀው ጋዝ ሽታም ቀለምም የለውም፣ በር ዘግቶ የተኛን ቤተሰብ ይገድላል። ሥራው ሲያልቅ ፍሙ እዚያው ምድጃው ውስጥ ተዳፍኖ ይጥፋ።

አሁን ወደ እሳቱ። ፍሙን በበርሜሉ አንድ ጫፍ ብቻ ሰብስቡ። በሌላው ጫፍ ከፍርግርጉ ሥር ውሃ የያዘ ዝርግ ድስት አስቀምጡ፣ ጎድኑን በአጥንቱ በኩል ወደ ታች አድርጋችሁ ከውሃው በላይ አጋድሙት። ከሥጋው ሥር ፍም አይኑር። ስቡ ውሃው ላይ ይንጠባጠባል እንጂ እሳት ላይ አይወድቅም፤ ለጣዕሙም ለጤናም ነው። ስብ ፍም ላይ ሲቃጠል የሚያወጣው ጢስ ካንሰር አምጪ ነገሮችን ይዞ ሥጋው ላይ ያርፋል። የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ምርምር ተቋም በ2015 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በጢስና በጨው የተዘጋጀ ሥጋን ካንሰር ከሚያመጡ ነገሮች ተርታ መድቦታል። ስለዚህ ይህ የበዓልና የእንግዳ ምግብ እንጂ የየዕለት ምግብ አይደለም፤ ለልጆችም በልክ ይሰጥ።

በርሜሉ ውስጥ በሥጋው ቁመት ላይ የምትፈልጉት ሙቀት ከ110 እስከ 130 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ነው። የምድጃ ቴርሞሜትር ብትገዙ ገንዘቡ አይቆጫችሁም። እስክትገዙ ድረስ መዳፋችሁን በሥጋው አጠገብ አድርጋችሁ ቀስ ብላችሁ ቁጠሩ፦ ከ8 እስከ 10 ድረስ ከቻላችሁ ደህና ነው፣ 5 ላይ ከሸሻችሁ እሳቱ በዝቷልና የታችኛውን ቀዳዳ ጥበብ አድርጉት። ክዳኑን በየደቂቃው የሚከፍት ሰው ጎድኑ አይበስልለትም።

እዚህ ላይ የአገራችን ከፍታ ይገባል፤ ከውጭ አገር የተጻፈ የአሠራር መመሪያ ይዞ የሚሠራ ሰው የሚሳሳትበትም ቦታ ነው። መካነ ሰላም ከባሕር ጠለል በላይ 2,600 ሜትር ገደማ ላይ ናት። በዚህ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ91 ዲግሪ አካባቢ ነው። አሜሪካኖቹ የሥጋው ውስጥ ሙቀት 95 ዲግሪ እስኪደርስ ጠብቁ ይላሉ። እኛ ዘንድ እርጥበቱ ያልወጣ ሥጋ ወደ 95 አይደርስም፤ 95 ካነበባችሁ ውሃው አልቆ ሥጋው ደርቋል። የእኛ ልክ ከ86 እስከ 89 ነው፣ እዚያ ላይ ግን ረዘም ላለ ጊዜ ይቆይ። ሥጋን ከአጥንት የሚያያይዘው ጅማት ከ70 ዲግሪ ጀምሮ ቀስ በቀስ መሟሟት ይጀምራልና ሰዓት እንጂ ተጨማሪ እሳት አያስፈልገውም። አየሩም ስስ ስለሆነ ሁለት ነገር ይከተላል። ከሰሉ ካፈናችሁት ቶሎ ይጠፋል፣ የላይኛው ቀዳዳ ሙሉ በሙሉ እንዳይዘጋ። ሥጋውም ከቆላው ይልቅ ቶሎ ይደርቃል፣ የውሃው ድስት ባዶ እንዳይሆን።

ብዙዎቹ አሜሪካኖች የሚያበስሉት የአሳማ ጎድን ነው፤ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም በማይበላው ሥጋ ላይ የተሠራ ልምድ ለእኛ ብዙ አይጠቅምም። እኛ ልንማርባት የሚገባን ከተማ ኦወንስቦሮ ናት፣ በኬንታኪ ክፍለ ግዛት። እዚያ ከ19ኛው ክፍለ ዘመን ጀምሮ በግ ለሱፉ ይረባ ስለነበር፣ ያረጀውን በግ በሂከሪ እንጨት ጢስ ለረጅም ሰዓት ማብሰል የአካባቢው መታወቂያ ሆነ። ወፍራም ጣፋጭ ሶስ አይቀቡትም፤ ኮምጣጤ የበዛበት ቀጭን መረቅ እየቀቡ ያረጥቡታል። ምክንያቱ ግልጽ ነው፦ የበግ ስብ ከባድ ነው፣ የሚቆርጠው ኮምጣጣ ነገር ነው። እናንተም አንድ ብርጭቆ ኮምጣጤ ወይም የሎሚ ጭማቂ ከአንድ ብርጭቆ ውሃ፣ ከትንሽ ጨውና ከተወቀጠ ነጭ ሽንኩርት ጋር ቀላቅሉና በየ45 ደቂቃው በንጹሕ ጨርቅ ወይም ብሩሽ ቀቡት። በኮምጣጤው ምትክ ብርዝ የሚጨምር ሰው አውቃለሁ፣ ሎሚ ካልተለየው ያምራል።

የጠቦት ጎድን ሁለት ሰዓት ተኩል፣ የሙክት ሦስት ሰዓት ተኩል፣ ያረጀ በግ ከአምስት ሰዓት በላይ ይፈልጋል። የበሬ ጎድን ለማድረግ ያሰበ ሰው ሙሉ ቀን ይመድብ። ከሰዓቱ ግማሽ ላይ ቀለሙ ወደ ጠቆር ያለ ቀይ ሲያደላ ጢሱ በቅቶታል። ከዚያ በኋላ እንጨት አይጨመርም። ሁለት ምርጫ አላችሁ። ሞራው ካለ ጎድኑ ላይ እንደ ነጠላ ዘርጉት፤ እየቀለጠ ወደ ሥጋው ይወርዳል። ወይም ድፎ ዳቦ የምንጋግርበትን የኮባ ቅጠል እሳት ላይ ለብ አድርጋችሁ አለስልሱና ጎድኑን ሁለት ድርብ ጠቅልሉት። ውጭ አገር በአሉሚኒየም ወረቀት የሚያደርጉትን ነው ኮባው የሚሠራው፤ እንፋሎቱን ያምቃል፣ የራሱን ሽታም ይጨምራል። እኔ ኮባውን እመርጣለሁ፣ በተለይ ለጠና በግ።

መድረሱን በአጥንቱ ጫፍ ታውቁታላችሁ። ሥጋው ከአጥንቱ ጫፍ ወደ ኋላ ሸሽቶ የጣት ጥፍር ያህል አጥንት ራቁቱን ይወጣል። ጎድኑን ከአንድ ጫፍ ይዛችሁ ስታነሡት ወገቡ ላይ ጎበጥ ብሎ የላይኛው ፊት መሰንጠቅ ይጀምራል። ስለት ያለው ነገር በሁለት አጥንት መሐል ስትወጉበት ሳያንገራግር ይገባል። ያን ጊዜ በኮባ ጠቅልላችሁት ከሆነ አውጡት፣ እኩል አዋዜና ማር በጥቂት ሎሚ አቅጥናችሁ ቀቡት፣ ለ20 ደቂቃ ብቻ ወደ ጢሱ መልሱት። ከዚያ በላይ ከቆየ ማሩ ያርራል። አውጥታችሁ ሩብ ሰዓት ሸፍናችሁ አሳርፉትና በየአጥንቱ መሐል ቁረጡት፤ ከሰናፍጭና ከትኩስ እንጀራ ጋር ይቅረብ።

ለሽያጭ ለምታስቡት ጥቂት ልጨምር። ወሎ ውስጥ ሠርግ ሲደገስ የክርስቲያንና የሙስሊም እርድ ለየብቻ ይሰናዳል፣ ድንኳኑ ግን አንድ ነው። ምግብ ቤትም በዚሁ ሥርዓት ይሂድ። የአንዱን እርድ ብቻ የምትሠሩ ከሆነ በግልጽ ጻፉት። ሁለቱንም ካላችሁ በርሜሉ፣ ፍርግርጉ፣ ቢላዋው፣ መክተፊያው፣ የመቀቢያው ብሩሽ ሳይቀር ሁለት ሁለት ይሁን፤ ሠራተኛውም ይለይ። ደንበኛ ጠይቆ የሚጠራጠርበት ቤት ሁለተኛ አይገባበትም።

ዋጋ ስታወጡ በጥሬው ኪሎ አትታለሉ። አሥር ኪሎ ጥሬ ጎድን በስሎ ሲወጣ ከስድስት እስከ ሰባት ኪሎ ይሆናል፣ ከዚያም አጥንቱ አለበት። መጀመሪያ ላይ ጥሬውንም የበሰለውንም እየመዘናችሁ ጻፉ። በዚያ ላይ ከሰሉን፣ የሠራተኛውን የግማሽ ቀን ድካም፣ ማሩን ደምሩ። በቁጥር ሽጡ፦ ሦስት አጥንት፣ ስድስት አጥንት፣ ሙሉ ጎን። ገበታው ላይ የሚታይ ነገር ስለሆነ ክርክር አያመጣም።

ለማታ 12 ሰዓት ገበታ፣ የሙክት ጎድን ከሆነ ከሰሉን ከቀኑ 7 ሰዓት አያይዙ፤ 7 ሰዓት ተኩል ላይ ሥጋው ይግባ። ቀድሞ ከደረሰ በኮባው ተጠቅልሎ በጋቢ በታሸገ ድስት ውስጥ አንድ ሰዓት ቢቆይ ምንም አይሆንም፣ ከዘገየ ግን የተራበ ሰው አይጠብቅም። የክርስቲያን ቤት ረቡዕና ዓርብን፣ አጽዋማቱንም አስቀድሞ አይቶ በግ ይግዛ፤ የሙስሊሙ በረመዳን ሰዓቱን ለማፍጠሪያ ያዙር። መካነ ሰላም ላለው የዩኒቨርሲቲ ግቢ መምህራንና ተማሪዎች፣ በደሴ መንገድ ለሚመጡ መንገደኞች ቅዳሜና እሑድ ቢጀመር ይሻላል፤ አንድ በርሜል ሞልቶ ማለቁ ሲታይ ሁለተኛውን ቀን መጨመር ነው።

የተረፈው በዚያው ማታ ቀዝቅዞ ይቀመጥ፣ በማግስቱ በደንብ ፈልቶ ይበላ። ሥጋው ያለቀበት አጥንት ደግሞ አይጣል፤ ከምስርና ከሽንኩርት ጋር ሁለት ሰዓት ቢቀቀል የወይራው ጢስ መረቁ ውስጥ ይገባል፣ ለጠዋት ሠራተኛ ቁርስ ይሆናል።